ለመዓዛ ብቻ

«ሻይ ሰዓት ላይ ይደርሳሉ፣ ሚስ ኦስላ፣ ባልና ሚስት ከደቡብ፤
ቤቱ ዳቦ ዳቦ ይሽተት፤ ይህ ነው የሽያጭ ጥበብ»
አለኝ ደላላው ፔትሪ በስልክ። መልኩን አላውቀውም፤
ድምፁ ግን ቅቤ የጠጣ ነው፣ ቃል አያደናቅፈውም።

ሚያዝያ ነው። በሼትላንድ የሚያዝያ ስሙ ነፋስ ነው፤
በጊቷ ግንብ ተጠግታ የወለደችው ገና እርጥብ ነው፤
ቢጫው የጸደይ አበባ አንገቱን ደፍቶ ብቅ ይላል፣
አርፍዶ እንደ መጣ ተማሪ በጓሮ በር ይገባል።

የእናቴን ደብተር ገለጥኩ፤ ቅቤ ያወዛው ወረቀት፣
በኖርዌይኛ የተጻፈ፣ ግማሹ ያለ ልኬት፦
«ዱቄት፦ እጅሽ በቃኝ እስኪል። ወተት፦ ለብ ይበል እንደ ጡት።
በሄሉ እንዳትሰስቺ፤ ሄል ያነሰው የጸደይ ዳቦ፣
ስሙን የረሳ እንግዳ ነው፣ በር ላይ የቆመ ተርቦ።»

ቦርግሂልድ፣ እናቴ፣ በዓሣ ጀልባ የመጣች፣
ሃምሳ ዓመት እዚህ ኖራ ሻይ በወተት የለመደች፣
ዳቦ ሲነሣ ግን እስከ ሞቷ ባሕሩን የምትሻገር፣
በአንድ ቁራሽ የምታስታርቅ ያንን አገር ከዚህ አገር።

ዘቢቡን በሞቀ ሻይ ከማታ ዘፍዝፌዋለሁ፣
የብርቱካኑን ልጣጭ ከደረቀው ኮክ ጋር ከትፌዋለሁ፤
እርሾው አረፋ ደፍቆ መተንፈስ ሲጀምር፣
እጅጌዬን ሰብስቤ ገባሁ፣ ከሊጡ ጋር ልማከር።

ወንድሜ ማግኒ በሩ ላይ፣ ጫማው ጭቃ እንደ ያዘ፣
«ለማን ነው?» አለ። ነገርኩት። ፊቱ እንደ አለት ፈዘዘ።
«ለመዓዛ ብቻ ነው» አልኩት፤ «እንዳትነካው በቢላ፤
እንግዶቹ ቤቱን ይዩት፤ ሲሄዱልን ያኔ ብላ።»
«እማዬ፣ ‹አሽትተህ ሂድ› ያለችው ሰው አለ?»
አለና፤ ሊጡ በሻሽ ሥር፣ እሱ በር ላይ፣ ኩፍ አለ።

ሁለቴ መታሁት፣ አበጠ፤ ከሳህኑ ከንፈር አለፈ፤
ሊጥስ በጡጫ ይተነፍሳል፤ ሰው ምን ይደረጋል ካኮረፈ?

ሰማያዊ ስኒ አወጣሁ፣ አራት፣ ከነሳህናቸው፤
አንዱ ጆሮው በሙጫ ነው፤ ለደላላው ይድረሰው።

ምድጃው አፉን ዘጋ። ከዚያ መጣ መዓዛው፣
መጀመሪያ በቁልፉ ቀዳዳ፣ ቀጥሎ በደረጃው፣
የአባቴ ካፖርት የነበረበትን ባዶ ሚስማር ዳስሶ፣
የእናቴን ክፍል ከፍቶ ገባ፣ ሳያንኳኳ፣ ገስግሶ።
ቤቱን ለሰው እንዲያስወድድ የጠራሁት ይህ ጠረን፣
ገዢ መሸንገሉን ትቶ ይሸነግል ጀመር እኔን።

ዘጠኝ ሰዓት ሊሆን ሲል ስልኩ ጮኸ።
                    «ሚስ ኦስላ፣
አውሮፕላኑ ጭጋግ ገጥሞት ወደ አበርዲን ተመለሰ፤
ለሚቀጥለው ሳምንት ይሁን።» የድምፁ ቅቤ አነሰ።
በመስኮት ተመለከትኩ፤ ባሕር የለም፣ ኮረብታ የለም፤
አንዲት ግልገል ብቻ ትጮኻለች፣ ጥጥ በዋጠው ዓለም።

ማግኒ ጫማውን አውልቆ ሳይናገር ተቀመጠ፤
ሻይ ቀዳሁ። ዳቦው በትኩሱ፣ እየጨሰ ተቆረጠ።
«ሳይቀዘቅዝ አይነካም» ይላል ደብተሩ ሲያበቃ፤
ቦርግሂልድ ራሷ ግን አንድም ቀን አልቻለችም ጠብቃ።

«ሄሉ በዝቷል» አለ ማግኒ፣ ሦስተኛውን እየጎረሰ፤
ቅቤው በጣቶቹ መሐል እስከ ክርኑ ፈሰሰ።

ስለ ቤቱ አላወራንም። ጭጋጉም እኛም ዝም።
ሳምንት ሩቅ አይደለም፤ ስልክም መጮህ አይተውም።
ስኒዎቹን ሳጥብ ብቻ፣ ማግኒ ከበሩ ዞረ፦
«በሚመጣው ሐሙስ እንግዲህ፣ ለገዢዎቹ...» ጀመረ፤
ሳቁ ቀደመው። «ዓሣ ቀቅይ፤ የሰነበተ፣ ባለ ጨው፤
መስኮትም እንዳትከፍቺ፤ ቤት የወደደ ይቻለው።»